ስልኬ ይገባል፣ ኮምፒውተሬ መልሶ ያስወጣኛል፣ ፕሌይስቴሽኔ «ትክክል አይደለም» ይለኛል

የአዳማ ነዋሪ የሆኑ አንባቢ ጥያቄ ባጭሩ ይህ ነው፦ «ዋሽንግተን አካባቢ የሚኖረው ወንድሜ የፕሌይስቴሽን አካውንት በራሱ ኢሜይል ከፍቶልኝ ነበር። በስልኬ ላይ መተግበሪያው ያለ ችግር ይከፈታል። በኮምፒውተር ግን የይለፍ ቃሌን አስገብቼ ስጫን ገጹ ትንሽ ይዞርና መልሶ እዚያው መግቢያው ላይ ያመጣኛል። በቅርቡ የገዛሁት ያገለገለ ፕሌይስቴሽን 4 ደግሞ ኢሜይሉ ወይም የይለፍ ቃሉ ትክክል አይደለም ይላል። ወንድሜ የሚደርሰውን ሊንክ በቴሌግራም እየላከልኝ የይለፍ ቃሉን አራት ጊዜ ቀይሬያለሁ። አንዱ ጓደኛዬ ኢንተርኔት አቅራቢህ ዘግቶብህ ነው፣ ቪፒኤን ጫን አለኝ። አንድ ባለሙያ ደግሞ ቫይረስ ነው፣ ኮምፒውተሩን ፎርማት ላድርግልህ ይላል። ምን ይሻለኛል?»

ኮምፒውተሩን ፎርማት አያስደርጉ። ቪፒኤን (ኢንተርኔትዎን በሌላ ሀገር በኩል የሚያዞር መተግበሪያ) ጭነው ከሆነ ያጥፉት። የይለፍ ቃሉንም ለአምስተኛ ጊዜ አይቀይሩ። ሦስቱም ችግሩ የት እንዳለ ሳይታወቅ የታዘዙ መድኃኒቶች ናቸው። በተለይ የይለፍ ቃል መቀየር ጉዳት የሌለው እየመሰለ ነገሩን ይበልጥ ያወሳስበዋል። እርስዎ እንደ አንድ ብልሽት የገለጹት ነገር ቢያንስ ሁለት የተለያዩ ብልሽቶች ነው፤ ኮምፒውተሩና ፕሌይስቴሽኑ ያስቸገሩዎት በአንድ ምክንያት አይደለም። ስልኩም ደህና መሆኑን ገና አላወቅንም።

ወደ አንድ ትልቅ መሥሪያ ቤት ሲሄዱ የሚሆነውን ያስቡ። በመጀመሪያ ትክክለኛውን ሕንፃ ያገኛሉ። በር ላይ ጥበቃው መታወቂያ ይጠይቅዎታል። አንዳንዱ ቦታ ይህ አይበቃም፤ ወደሚፈልጉት ሰው ቢሮ ተደውሎ ይረጋገጣል። ከዚያ መታወቂያዎን አስይዘው ባጅ ይወስዳሉ፤ ከዚያ ወዲያ በየፎቁ የሚታይልዎት ባጁ እንጂ መታወቂያው አይደለም። ድረ ገጽም እንዲሁ ነው። ብሮውዘሩ የሚያነጋግረው እውነተኛውን ሰርቨር፣ ማለትም የአገልግሎቱን ኮምፒውተር፣ መሆኑን ሰርተፊኬት በሚባል የድረ ገጹ መታወቂያ ያረጋግጣል፤ ቀጥሎ የይለፍ ቃል ይጠየቃሉ፤ የሁለት ደረጃ ማረጋገጫ ካለ ኮድ ይላካል፤ በመጨረሻ ኩኪ የምትባል አነስተኛ መረጃ በመሣሪያዎ ላይ ትቀመጣለች። ባጁ እሷ ናት። ገጹን በከፈቱ ቁጥር የይለፍ ቃል የማይጠየቁት በእሷ ምክንያት ነው። ስለዚህ «አልገባ አለኝ» ለሚል ሰው የማቀርበው የመጀመሪያ ጥያቄ ከነዚህ ከአራቱ የትኛው ላይ ቆሙ የሚል ነው።

ከስልኩ እንጀምር፤ ምክንያቱም ያሳሳተዎት እሱ ነው። «በስልኬ ይከፈታል» ማለት «የይለፍ ቃሌ ትክክል ነው» ማለት አይደለም። መተግበሪያው የሚከፈተው ቀድሞ በተሰጠው ባጅ ሊሆን ይችላል፤ የይለፍ ቃል ከጠየቀዎት ወራት አልፈው ይሆናል። የይለፍ ቃል ሲቀየር አንዳንድ አገልግሎቶች የቀድሞ ባጆችን በሙሉ ይሰርዛሉ፤ ሌሎቹ «ከሌሎች መሣሪያዎች ልውጣ?» ብለው ይጠይቁና መልስ ካላገኙ ይተዉታል። ስለዚህ የስልኩ መከፈት ስለ አዲሱ የይለፍ ቃል የሚነግረን ነገር የለም። ማረጋገጥ ከፈለጉ መተግበሪያውን አይንኩት፤ ከዚያ መውጣትም የለብዎትም፣ ለጊዜው ያለዎት ብቸኛ ክፍት በር እሱ ነውና። በስልኩ ብሮውዘር ላይ ኢንኮግኒቶ የሚባለውን የግል መስኮት ይክፈቱና በድረ ገጹ በኩል ለመግባት ይሞክሩ። የግል መስኮት ያለ ምንም ባጅ ነው የሚጀምረው። እዚያ ከገቡ የይለፍ ቃሉ ትክክል ነው፤ ነገሩ አበቃ፣ ከዚህ በኋላ እሱን አይጠርጥሩት።

የኮምፒውተሩን ምልክት በደንብ ገልጸውታል፣ እኔም የምይዘው ያንን ነው። ገጹ «ተሳስተሃል» አላለም። ዞሮ መልሶ መግቢያው ላይ ነው ያመጣዎት። ይህ ማለት ጥበቃው መታወቂያውን ተቀብሏል፣ ባጁም ተሰጥቷል፤ ባጁ ግን ደረጃው ላይ ጠፍቷል። የይለፍ ቃሉ ቢሳሳት ኖሮ በግልጽ ይነገርዎት ነበር። አራት ጊዜ መቀየርዎ ያልረዳዎት ለዚህ ነው፤ የቀየሩት የማይታመመውን ክፍል ነበር።

ባጅ ከሚያጠፉ ነገሮች መካከል በመጀመሪያ የምጠረጥረው የኮምፒውተሩን ሰዓት ነው። ይህን ስናገር ብዙ ሰው «ሰዓቱማ ልክ ነው» ብሎ የስክሪኑን ጥግ ያሳየኛል። በጥግ የሚታየው ቁጥር ልክ መሆኑ አይበቃም። ኮምፒውተሩ በውስጡ የሚሠራው በዓለም አቀፉ ሰዓት ነው፤ ለእኛ የሚያሳየን የሰዓት ቀጠናውን አስልቶ ነው። ኢትዮጵያ ከዓለም አቀፉ ሰዓት በ3 ሰዓት ትቀድማለች። ዊንዶውስ አዲስ ሲጫን ግን ብዙውን ጊዜ ቀጠናው የአሜሪካ ምዕራብ ጠረፍ ሆኖ ይመጣል፤ ያ ደግሞ ከዓለም አቀፉ ሰዓት በ8 ሰዓት፣ በበጋቸው በ7 ሰዓት ወደ ኋላ ይቀራል። የጫነልዎት ሰው ቀጠናውን ሳይነካ ቁጥሩን ብቻ በእጁ ወደ አዲስ አበባ ሰዓት ካስተካከለው፣ ጥጉ ላይ ትክክለኛ ሰዓት ይታያል፤ ኮምፒውተሩ ግን በውስጡ በ10 ወይም በ11 ሰዓት ቀድሞ ይሄዳል። አንዳንድ ድረ ገጾች ደግሞ የሚሰጡት ባጅ ዕድሜው አጭር ነው፤ አንድ ሰዓት ወይም ከዚያ ያነሰ። ዕድሜውን የሚለካው ፕሮግራም በእርስዎ ኮምፒውተር ላይ የሚሠራ ከሆነ፣ ባጁ ገና ሲሰጥ ጊዜው ያለፈበት ሆኖ ይታየዋል፤ ይጥለውና እንደገና ግባ ይላል። እርስዎ የሚያዩት መሽከርከር ይኸው ነው።

ማስተካከያው ቀላል ነው፤ አንድ የሚያደናግር ነገር ግን አለው። በዊንዶውስ የሰዓት ቀጠና ዝርዝር ውስጥ አዲስ አበባ የሚል ስም የለም። ብዙ ሰው ፈልጎ ሲያጣ ተስፋ ቆርጦ ይተወዋል። መምረጥ ያለብዎት ናይሮቢን ነው፤ ሰዓቷ ከእኛ ጋር አንድ ነው። ከዚያ ሰዓቱ ከኢንተርኔት በራሱ እንዲስተካከል የሚያደርገውን ማብሪያ ያብሩ፣ ብሮውዘሩን ዘግተው እንደገና ይክፈቱ።

የእኛ ሀገር ችግር በዚህ አያበቃም። አንድ አነስተኛ ድርጅት ውስጥ ለሁለት ቀን ማንም ወደ ባንክም ወደ ኢሜይልም መግባት አቅቶት ነበር። ኮምፒውተሩ ፊት ስቀመጥ መጀመሪያ ያየሁት ዓመቱን ነው፤ 2017 ይላል። የሒሳብ ሠራተኛዋ በምታትመው ደብዳቤ ላይ የእኛ ዓመተ ምሕረት በራሱ እንዲወጣላት ብላ ነበር የቀየረችው፤ ሐሳቧ ቅን ነው። ለብሮውዘሩ ግን ዓለም በ8 ዓመት ወደ ኋላ ተመልሳለች። እያንዳንዱ ድረ ገጽ የሚያቀርበው ሰርተፊኬት ከመቼ እስከ መቼ እንደሚሠራ ቀን ተጽፎበታል፤ 2017 ላይ ለቆመ ኮምፒውተር የዛሬው ሰርተፊኬት ገና ያልተወለደ ነው። ስለዚህ የመጀመሪያውን በር እንኳን አላለፉም። ብሮውዘሩ «ሰዓትህ ወደ ኋላ ቀርቷል» ብሎ በእንግሊዝኛ ጽፎ ነበር፤ ሁሉም ገጹ ቀይ መሆኑን አይቶ ተዘግቷል ብሎ አለፈው። ዓመቱን ስንመልሰው ሁሉም ተከፈተ። በኢትዮጵያ ዘመን አቆጣጠር የሚሠራ ሰው ቀኑን በጽሑፉ ውስጥ ይጻፍ፤ የመሣሪያውን ቀን ግን በፈረንጆቹ ይተወው። ስልካቸውን በእኛ አቆጣጠር «ከጠዋቱ 3 ሰዓት» እንዲያሳያቸው በእጃቸው የሚሞሉም እንዲሁ ራሳቸውን 6 ሰዓት ያዛባሉ። እነሱ ላይ ችግሩ የሚታየው በማረጋገጫ ኮድ ነው፤ ኮድ የሚያመነጩት መተግበሪያዎች በየ30 ሰከንዱ ቁጥር የሚቀይሩት ሰዓቱን እያሰሉ ስለሆነ፣ 6 ሰዓት የተዛባ ስልክ የሚያወጣው ኮድ ሁልጊዜ ስህተት ነው።

ኮምፒውተርዎ ዴስክቶፕ ከሆነና መብራት ሄዶ በመጣ ቁጥር ቀኑ ወደ ድሮ የሚመለስ ከሆነ፣ በውስጡ ያለችው ሳንቲም የምታህል ባትሪ አልቃለች። ሲአር 2032 ትባላለች፤ የ3 ቮልት ናት፤ ኮምፒውተሩ ሲጠፋ ሰዓቱን የምትጠብቀው እሷ ናት። ገመዱን ከሶኬት ነቅለው መቀየር ይችላሉ። ላፕቶፕ ከሆነ ግን ለባለሙያ ይስጡት። በነገራችን ላይ ፎርማት ማድረግ ይህችን ባትሪ አይነካትም፤ ከፍለው ያስጫኑት አዲሱ ዊንዶውስ በሚቀጥለው የመብራት መቆራረጥ ዳግም ያስወጣዎታል።

ሰዓቱ ልክ ሆኖ መሽከርከሩ ከቀጠለ፣ በኮምፒውተሩም ላይ የግል መስኮት ይክፈቱና ይሞክሩ። በግል መስኮቱ ከገቡ ችግሩ በብሮውዘሩ ውስጥ የተከማቸ ነገር ነው፦ የተበላሸ የቆየ ኩኪ፣ ወይም ማስታወቂያ እንዲከለክል ብሮውዘሩ ላይ የተጫነ ተጨማሪ ፕሮግራም (ኤክስቴንሽን)። በዚህ ጊዜ የዚያን ድረ ገጽ ኩኪዎች ብቻ ያጥፉ። ሁሉንም ታሪክና ሁሉንም የተቀመጠ የይለፍ ቃል የሚያጠፋውን አማራጭ አይጫኑ፤ አንድ አካውንት ለማስተካከል ብሎ አሥር አካውንት ያጣ ሰው ብዙ ነው። በግል መስኮቱም ካልገቡ ኩኪ ጨርሶ እንዳይቀመጥ ተከልክሎ እንደሆነ ቅንብሩን ይመልከቱ። ሌላም አለ፤ ኮምፒውተሩም አንድ ቀን «ትክክል አይደለም» ካለዎት፣ ብሮውዘሩ አስታውሶ በራሱ የሚሞላው የመጀመሪያውን የይለፍ ቃል ሊሆን ይችላል። አራት ጊዜ ቀይረዋል፤ እሱ ግን አሁንም ያን የድሮውን እየላከልዎት ይሆናል። የዓይን ምልክቷን ተጭነው ከነጥቦቹ በስተጀርባ ምን እንዳለ ይዩ። በዚያው የአማርኛ ኪቦርድ ክፍት ሆኖ ፊደል ገብቶ እንደሆነም ይታይዎታል። የይለፍ ቃሉን በግእዝ ፊደል ያደረጉ ሰዎች አጋጥመውኛል። ሐሳቡ ደስ ይላል፤ ግን ለኮምፒውተር ሀ፣ ሐ እና ኀ ሦስት የተለያዩ ፊደላት ናቸው፣ ሰ እና ሠም እንዲሁ፤ በአንደኛው የከፈቱትን በሌላው አይገቡበትም። በፕሌይስቴሽን ኪቦርድ ላይማ ከነጭራሹ አያገኙትም።

ኮምፒውተሩ ዊንዶውስ 7 ከሆነ የተለየ ነገር ልንገርዎት። ክሮም ለዚያ ሥርዓት የሚሆን አዲስ ስሪት ማውጣት ያቆመው እ.ኤ.አ. በ2023 መጀመሪያ ላይ ነው፤ 109ኛው የመጨረሻው ነበር። ከዚያ ወዲህ የተሠሩ የመግቢያ ገጾች በከፊል ሊሠሩ፣ በከፊል ላይሠሩ ይችላሉ፤ ይህን የሚጠግን ቅንብር የለም። ያኔ አዲስ ዊንዶውስ መጫን ትርጉም ይኖረዋል። ምክንያቱ ግን ቫይረስ አይደለም።

ፕሌይስቴሽኑ ላይ ያለው ጉዳይ የተለየ ነው። መልእክቱን እንደገና ያንብቡት፦ «ኢሜይሉ ወይም የይለፍ ቃሉ»። ያ «ወይም» ሆን ተብሎ የተቀመጠ ነው። አገልግሎቱ የትኛው እንደተሳሳተ ቢናገር፣ የሰው አካውንት የሚሰርቅ ሰው የትኛው ኢሜይል እንደተመዘገበ በቀላሉ ይለይበታል። ስለዚህ ለባለቤቱም አይናገርም። እርስዎ «ወይም»ን ዘለው የይለፍ ቃሉ ላይ ዘመቱ። አካውንቱ የተከፈተው በወንድምዎ ኢሜይል ነው። ፕሌይስቴሽኑ ላይ ያስገቡት የማንን ኢሜይል ነው? የራስዎን ከሆነ ወይም በጨዋታ ላይ የሚታወቁበትን ስም ከሆነ፣ አርባ ጊዜ የይለፍ ቃል ቢቀይሩም አይከፈትም። የወንድምዎን ከሆነ ደግሞ በቴሌቪዥኑ ኪቦርድ አንድ አንድ ፊደል እየለቀሙ ሲጽፉ የሚፈጠረውን ስህተት ያስቡ፦ ትልቁና ትንሹ ፊደል፣ ዜሮና «ኦ»፣ አንድና ትንሹ «ኤል»፣ መጨረሻ ላይ ሳይታይ የገባ ባዶ ቦታ። ስልክም እንዲሁ የመጀመሪያውን ፊደል በራሱ ትልቅ ያደርጋል፤ የይለፍ ቃሉን በስልክ ፈጥረው ከነበረ ያ ትልቅ ፊደል ሳያውቁት አብሮ ተቀምጧል።

ብዙ ጊዜ ሞክረው ከሆነ ደግሞ አገልግሎቱ ለጊዜው ቆልፎብዎት ሊሆን ይችላል፤ ያኔ ትክክለኛውን ቢያስገቡም አይቀበልም። ቁልፉን የሚያስረዝመው የእርስዎ መሞከር ነው። አንድ ቀን ሙሉ አይንኩት።

ስላገለገለው ፕሌይስቴሽን 4 አንድ ነገር ልጠይቅዎት። ሲገዙት በውስጡ ብዙ ጨዋታ ተጭኖ፣ ሻጩም «ሶፍትዌሩን አፕዴት እንዳታደርገው» ብሎዎት ነበር? እንዲያ ከሆነ ሥርዓቱ ተከፍቶ ያለ ክፍያ የተቀዱ ጨዋታዎች የተጫኑበት ነው። እንዲህ ያለው መሣሪያ ሆን ተብሎ በአሮጌ ሶፍትዌር ላይ የተተወ ነው፤ በአካውንትዎ የሚገቡበት የኢንተርኔት አገልግሎት፣ የፕሌይስቴሽን ኔትወርክ፣ ደግሞ የቅርብ ጊዜውን ሶፍትዌር ያልጫነ መሣሪያ አያስገባም። ሁለቱን በአንድነት ማግኘት አይቻልም፤ ወይ አፕዴት አድርገው በአካውንትዎ ይጫወታሉ፣ የተቀዱትን ጨዋታዎች ያጣሉ፤ ወይ ከኢንተርኔት ውጭ ይጫወታሉ። በመካከል ያለውን «ዘዴ አለኝ» የሚልዎትን አይስሙ። እንዲህ ባለ መሣሪያ በተንኮል የገባ አካውንት ሊታገድ ይችላል፣ መሣሪያውም አብሮ።

ፕሌይስቴሽን 3 ላላቸው አንድ ቃል፦ የሁለት ደረጃ ማረጋገጫ የበራበት አካውንት በፕሌይስቴሽን 3 ላይ በተለመደው የይለፍ ቃል አይገባም። ከአካውንቱ ገጽ ላይ ለዚያ መሣሪያ ብቻ የሚሆን ልዩ የይለፍ ቃል ማውጣት ያስፈልጋል፤ ይህን ባለማወቅ ስንቱ ትክክለኛ የይለፍ ቃሉን ደጋግሞ ቀይሯል። ፕሌይስቴሽን 5፣ ኤክስቦክስ ወይም ኔንቴንዶ ስዊች ያላችሁ ደግሞ በቴሌቪዥኑ ኪቦርድ አትድከሙ፤ ስክሪኑ ላይ የሚወጣውን ኮድ በስልካችሁ ተጠቅማችሁ መግባቱን በስልኩ ጨርሱት።

ጓደኛዎ ኢንተርኔት አቅራቢው ዘግቶ ነው ያለው ልክ አይደለም። የተዘጋ ድረ ገጽ አይከፈትም፤ ከፍቶ የይለፍ ቃል ጠይቆ «ትክክል አይደለም» አይልም። መልስ የሰጠዎት ሰርቨሩ ራሱ ነው፤ መስመሩ እስከዚያ ድረስ ሠርቷል ማለት ነው። የቪፒኤን ልማድ ከየት እንደመጣ አውቃለሁ፤ በ2015 ዓ.ም. ከየካቲት ጀምሮ ፌስቡክ፣ ቴሌግራም፣ ቲክቶክና ዩቲዩብ ለወራት ተገድበው በነበረበት ጊዜ የተጫነው ዛሬም በብዙ ስልክ ላይ እንደበራ አለ። ለመግባት ችግር ግን መድኃኒት ሳይሆን በሽታ ነው። ጠዋት ከአዳማ፣ ከአምስት ደቂቃ በኋላ ከጀርመን፣ ማታ ከሲንጋፖር የገባ አካውንት ለጥበቃው የተሰረቀ ይመስላል። በዚያ ላይ ነፃ ቪፒኤን ብዙ የማይተዋወቁ ሰዎችን በአንድ አድራሻ ያስወጣል፤ አንዱ ባጠፋው ሁሉም ይጠረጠራል። በእርስዎ ጉዳይ ወንድምዎ ከአሜሪካ፣ እርስዎ ከአዳማ በየተራ ስትገቡ ጥርጣሬው ቀድሞም አለ፤ አይጨምሩበት።

አሁን ከሁሉም በላይ ወደሚያሳስበኝ ነገር ልምጣ። ዛሬ ኮምፒውተሩም ፕሌይስቴሽኑም ቢከፈቱልዎት፣ አካውንቱ አሁንም የእርስዎ አይደለም። የተመዘገበው በወንድምዎ ኢሜይል፣ ምናልባትም በወንድምዎ ስልክ ቁጥር ነው። ኮድ ሲላክ የሚደርሰው ለእሱ ነው፤ እዚህ ጠዋት ሲሆን እዚያ ሌሊት ነው፣ ኮዱ ደግሞ ዕድሜው የደቂቃዎች ነው። እሱ ተነሥቶ እስኪልክልዎት ኮዱ ያበቃል፤ ሌላ ይጠይቃሉ፤ አዲስ ሊንክ ሲጠየቅ የቀድሞው ብዙውን ጊዜ ይሰረዛል፤ እሱ ግን የቀድሞውን ይልክልዎታል። ከአራቱ ለውጦች ምናልባት የመጨረሻው ጨርሶ አልተሳካም ይሆናል። ወንድምዎ ቁጥሩን የቀየረ ዕለት ደግሞ አካውንቱ አብሮ ሊጠፋ ይችላል። ይህ የእርስዎ ብቻ ችግር አይደለም። ስልክ ሲገዙ ሻጩ በራሱ እጅ የጎግል አካውንት ከፍቶላቸው፣ ኢሜይላቸውንም የይለፍ ቃላቸውንም የማያውቁ እናቶችና አባቶች በየቤቱ አሉ። ስልኩ ተበላሽቶ ወደ ፋብሪካ ቅንብሩ ሲመለስ ከአንድሮይድ 5.1 ወዲህ ያለው ጥበቃ ያንኑ አካውንት ይጠይቃቸዋል፤ መልስ የላቸውም፣ በአካውንቱ የተቀመጠው የልጆቻቸው ፎቶም እዚያው ይቀራል።

ስለዚህ አካውንቱን በስምዎ ያዙሩት። በፕሌይስቴሽን አካውንት ላይ የመግቢያ ኢሜይሉ ይቀየራል፤ ጨዋታውም ታሪኩም አብሮ ይኖራል። የማይቀየረው ሀገሩ ነው። ኢትዮጵያ የፕሌይስቴሽን ኔትወርክ በይፋ ከሚያገለግላቸው ሀገሮች ዝርዝር ውስጥ ስለሌለች ወንድምዎ አሜሪካ ብሎ ሞልቶት ይሆናል፤ እንደዚያው ይተዉት፣ የደንበኞች አገልግሎት ሲጠይቅዎትም የተሞላውን ይናገሩ። የልደት ቀኑንም ወንድምዎን ይጠይቁና ይጻፉት። በእኛ አቆጣጠር የሞላው ከሆነ የ7 ወይም የ8 ዓመት ልዩነት አለው፤ አካውንት ለማስመለስ የልደት ቀን ሲጠየቁ እውነተኛውን ቢናገሩም ተሳስተሃል የሚባሉት ለዚህ ነው።

ሁለት ማስጠንቀቂያዎች አሉኝ። «አካውንት አስመልሳለሁ» ብሎ በቴሌግራም የሚጽፍልዎት ሰው ማንም ይሁን ማን የመጣልዎትን ኮድ አይስጡት። ኮዱ ከይለፍ ቃሉ ቀጥሎ ያለው በር ነው፤ እሱን የያዘ ሰው ባጁን በስሙ ይወስዳል። ፕሌይስቴሽን ቤት ገብተው በራስዎ አካውንት ተጫውተው ከሆነ ደግሞ ሲነሡ ወጥተው እንደሆነ ያስታውሱ፤ ካላስታወሱ ከአካውንቱ የደህንነት ገጽ ላይ ከሁሉም መሣሪያ የሚያስወጣውን ይጫኑ። ይህን የሚያደርጉት ግን ኢሜይሉ በእጅዎ ከገባ በኋላ ነው፤ አለበለዚያ ራስዎን ከውጭ ይቆልፋሉ።

የማይጠገን ነገርም አለ። እ.ኤ.አ. በፌብሩዋሪ 2025 የፕሌይስቴሽን ኔትወርክ በመላው ዓለም ለአንድ ቀን ያህል ተቋርጦ ነበር፤ እ.ኤ.አ. በ2011 ደግሞ በጠለፋ ምክንያት ከሦስት ሳምንት በላይ ተዘግቶ የ77 ሚሊዮን አካውንቶች መረጃ ለአደጋ ተጋልጧል። በእንደዚህ ያለ ጊዜ ቤት ውስጥ የሚነካኩት ሁሉ ተጨማሪ ብልሽት ነው። መጀመሪያ የአገልግሎቱን ሁኔታ የሚያሳየውን የኩባንያውን ገጽ ይመልከቱ፤ ችግሩ እዚያ ከተጻፈ ይጠብቁ።

እንግዲህ ዛሬ የኮምፒውተሩን ቀን፣ ዓመትና የሰዓት ቀጠና ያስተካክሉ፤ ናይሮቢን ይምረጡ። ቪፒኤኑን አጥፍተው በስልክና በኮምፒውተር በግል መስኮት ይሞክሩ። ፕሌይስቴሽኑን ለአንድ ቀን ያሳርፉት። ከዚያ ወንድምዎን በጽሑፍ ሳይሆን በስልክ ያግኙት። በእኛ ከምሽቱ 12 ሰዓት በዋሽንግተን ከረፋዱ 4 ወይም 5 ሰዓት ስለሆነ ሁለታችሁም ነቅታችኋል። እሱ በመስመር ላይ እያለ ኢሜይሉን ወደ እርስዎ፣ የሁለት ደረጃ ማረጋገጫውንም በእርስዎ ስልክ ላይ ወዳለ ኮድ አመንጪ መተግበሪያ ያዛውሩ፤ የይለፍ ቃሉን ለመጨረሻ ጊዜ በላቲን ፊደልና በቁጥር ይቀይሩ፤ አገልግሎቱ የሚሰጥዎትን የመጠባበቂያ ኮዶች በወረቀት ጽፈው የትምህርት ማስረጃዎን በሚያስቀምጡበት ቦታ ያኑሩ። ፓስኪ የሚባለውን፣ በይለፍ ቃል ፈንታ በስልክ ውስጥ የሚቀመጠውን የይለፍ ቁልፍ የፕሌይስቴሽን ባለቤት ሶኒ እ.ኤ.አ. ከ2024 ጀምሮ ያቀርባል፤ ጥሩ ነው፣ ግን ወንድምዎ በእሱ ስልክ ላይ እንዳይፈጥረው፤ ቁልፉ ከእሱ ጋር አሜሪካ ይቀራል። ስልኩን ሳይዘጉ ፕሌይስቴሽኑን ያብሩ፣ አዲሱን ኢሜይል ያስገቡ፣ የይለፍ ቃሉንም እሱ ጮክ ብሎ ሳያነብልዎት ራስዎ ከጻፉበት ወረቀት ላይ እያዩ አንድ በአንድ ይጻፉት።